ከኋላው ባዶ የሆነ ግድግዳ



ዛሬ ላካፍላችሁ የፈለግሁት በገዛ ቤተሰባችን ውስጥ የተነሳና እስካሁንም ፈጽሞ ያልበረደ ጉዳይ ነው። ልጃችሁ «ፊልም መሥራት እፈልጋለሁ» ብሏችሁ የደነገጣችሁ ወላጆች፣ ወይም ይህንኑ ለአባታችሁ መንገር ፈርታችሁ በሆዳችሁ የያዛችሁ ወጣቶች ካላችሁ እንደ ራሳችሁ ጉዳይ አንብቡት።

ባለፈው ዓመት በረመዳን፣ ከተራዊሕ ስመለስ ታላቅ እህቴ ደወለችልኝ። ድምጿ ታፍኗል። «አላህ ይውደድህ፣ ነገ ከዙህር በኋላ አባቱ ሥራ ቦታ ብቅ በልልኝ። ልጁ ትምህርቱን ጥሎ ከፊልም ሠሪዎች ጋር ልግባ እያለ ነው። አንተን ቢሰማህ ብዬ ነው» አለችኝ።

እኔ ደሴ ከተማ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ታሪክ አስተምራለሁ፤ ከዐስር ሰላት በኋላ ደግሞ በሰፈራችን መድረሳ ለታዳጊዎች ዐረብኛ አቀራለሁ። በዚህ የተነሳ በዘመድ መካከል «ሁለቱንም ያውቃል» እየተባልኩ የማልችለው ሽምግልና ሁሉ ይጣልብኛል።

የእህቴ ልጅ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የአርክቴክቸር ተማሪ ነው፤ ያኔ ሦስተኛ ዓመቱን እየጨረሰ ነበር። ከአባቱ ወገን ዩኒቨርሲቲ ደጃፍ የረገጠ እሱ የመጀመሪያው ነው። አባቱ አናጺ ናቸው። ሰኞ ገበያ አጠገብ ባለችው ጠባብ ሥራ ቦታቸው በር፣ ቁም ሳጥንና አልጋ ሲሠሩ ሠላሳ ዓመት አልፏቸዋል። የሰፈራችን መስጂድ ሚንበርም የእሳቸው እጅ ሥራ ነው፤ ለእሱ ሳንቲም አልተቀበሉም።

በማግሥቱ ስደርስ አባትና ልጅ ጀርባ ተሰጣጥተው አገኘኋቸው። አባት የበር መቃን ይልጋሉ፤ ልጅ ደጃፉ ላይ በተጋደመ ሞራሌ ላይ ተቀምጦ ስልኩን ያያል።

«መምህር፣ እንኳን መጣህ» አሉኝ መላጊያቸውን ሳያስቀምጡ። «ይኸው፣ ልጅህን ስማው። ከኋላው ባዶ የሆነ ግድግዳ እየሠራሁ እኖራለሁ ይልሃል።»

ነገሩ እንዲህ ነው። ልጁ ባለፈው ክረምት አዲስ አበባ ቀርቶ አንድ ፊልም ላይ በረዳትነት ሠርቶ ነበር። ሥራው የቀረጻውን ቦታ ማሰናዳት ነው። ባዶ መጋዘን ውስጥ በሞራሌ አጽም አቁመው፣ ኮምፔንሳቶ መትተውበት፣ በጀሶ ለስነው የድሮ የአዲስ አበባ ቤት ሳሎን አቆሙ። ግድግዳው ዕድሜ የጠገበ እንዲመስልም በሻይ ቅጠል ውሃና በጥላሸት አወየቡት።

«ስንት ቀን ቆመ?» ብዬ ጠየቅሁት።

«ሁለት ቀን ተቀረጸበት። በሦስተኛው ቀን አፈረስነው፣ ጋሼ።»

አባቱ አሁን መላጊያቸውን አስቀመጡ። «ሰማህ አይደል? ሁለት ቀን! እኔ የገጠምኩት በር ሠላሳ ዓመት ሲከፈት ሲዘጋ ይኖራል። ሕንጻ ሊያቆም ልከነው ሁለት ቀን የሚቆም ውሸት ሲሠራ ከረመ።»

ልጁ ቀና ብሎ አላያቸውም። «ውሸት አይደለም፣ አባዬ» አለ ቀስ ብሎ። «የመስኮቱን ልክ ከእውነተኛ ቤት ነው የለካሁት።»

እውነቱን ልንገራችሁ፤ ምክሬን ከቤቴ አዘጋጅቼ ነበር የሄድኩት። «ትምህርትህን ጨርስ፣ ይህን ነገር እርሳው» ልለው ነበር። አፌ ላይ ደርሶ የቀረው በሁለት ምክንያት ነው።

አንደኛው የሚያሳፍረኝ ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ ተማሪ በታሪክ ክፍለ ጊዜ ደብተሩ ላይ ሥዕል ሲሥል ያዝኩት። ስለ አክሱም እያስተማርኩ እሱ ከተማ ይሥላል፤ ደረጃው፣ በሩ፣ ገበያው፣ ሁሉም አለ። ደብተሩን ቀምቼ «ይህ እንጀራ አይሆንህም» አልኩት በክፍሉ ሁሉ ፊት። ልጁ ከዚያ ወዲያ በእኔ ክፍለ ጊዜ እርሳስ ሲያነሳ አላየሁትም። የቀማሁት ደብተር ዛሬም ቤቴ አለ። ያን ቀን ሳስተምረው የነበረውን ነገር ከእኔ በተሻለ እያስረዳ እንደነበር የገባኝ ዘግይቼ ነው።

ሁለተኛው ከልጅነቴ ጋር የተያያዘ ነው። በ1990 ዓ.ም. ግድም፣ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለሁ፣ በዒድ ማግሥት ጎረቤታችን ቤት «አር-ሪሳላ» የተባለውን ፊልም በቪዲዮ ካሴት አየን። ቤቱ ሞልቶ ሕጻናት መስኮት ላይ ተንጠልጥለናል። ዐረብኛውን የሚሰማ አንድ ሽማግሌ ነበሩና እሳቸው እየተረጎሙልን ነው የምናየው። ቢላል (ረ.ዐ.) ከካዕባ ላይ ወጥቶ አዛን ሲል እናቶች አለቀሱ። ሙሃጂሮቹ ሐበሻ ደርሰው ንጉሡ ፊት ሲቆሙማ ቤቱ ውስጥ መደማመጥ ጠፋ፤ ሁሉም «የኛ ንጉሥ! የኛ ነጃሺ!» ይላል። በዚያ ቀን ከመካከላችን ያቺን መካ ማን ሠራት ብሎ የጠየቀ አልነበረም። እኛ መካን ያየን መስሎን ነበር።

ያየነው ግን ማራከሽ አጠገብ የቆመችውን ከተማ ነበር። ፊልሙን ያዘጋጀው ሙስጠፋ አል-ዐቃድ እ.ኤ.አ. በ1930 ሐለብ ተወልዶ በወጣትነቱ አሜሪካ ሄዶ ሲኒማ የተማረ ሶርያዊ ነው። የጥንቷን መካና መዲናን በሞሮኮ ምድር ለመሥራት አራት ወር ተኩል ወሰደ። ከዚያ በኋላ አንዱን ፊልም ሁለት ጊዜ ነው የቀረጸው፤ አንድ ጊዜ በዐረብ ተዋንያን በዐረብኛ፣ አንድ ጊዜ በእንግሊዝኛ። ሐምዛን (ረ.ዐ.) በዐረብኛው ዐብደላህ ጘይስ፣ በእንግሊዝኛው አንቶኒ ኩዊን ተጫወቱት። ከተማዋ ግን አንዲት ናት። ሥራው ገና ሳያልቅ የሞሮኮ መንግሥት ከሳዑዲ ዓረቢያ በመጣ ጫና ድጋፉን ነፈገና ስድስት ወር ከተቀረጸ በኋላ ሁሉም ዕቃውን ሸክፎ ወጣ። ቀሪው ስድስት ወር በቃዛፊ ፈቃድና ገንዘብ ሊቢያ ውስጥ ተሠርቶ ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1976 ወጣ።

አሁን እንደ አስተማሪ ሳየው የሚገርመኝ ሌላ ነው። ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) በፊልሙ ውስጥ አይታዩም፣ ድምፃቸውም አይሰማም። ካሜራው በእሳቸው ቦታ ይቆምና ሌሎቹ ወደ እኛ እያዩ ይናገራሉ። ታዲያ ዋናው ሰው የማይታይበትን ታሪክ በምን ይነግሩታል? በቦታና በዕቃ ነው። ግመላቸው ቀስዋእ ትታያለች፤ በትራቸው ይታያል፤ የዐሊይ (ረ.ዐ.) ሰይፍ ይታያል እንጂ ዐሊይ አይታዩም። ግድግዳው፣ በሩና አሸዋው የሰውን ያህል ይናገራሉ ማለት ነው። በሸሪዓ አደብ ምክንያት የመጣ ገደብ ለዚህ ሙያ ትልቅ ሥራ ፈጠረለት።

ፊልሙ ሁሉን አስደስቶ ነበር ማለቴ አይደለም። የአል-አዝሀር ዑለማዎችና የሊባኖስ የሺዓ ምክር ቤት ታሪኩን እንዳጸደቁት መግቢያው ላይ ተጽፏል፤ መካ ያለው የሙስሊሙ ዓለም ሊግ ግን ተቃውሞታል። እ.ኤ.አ. በመጋቢት 1977 ደግሞ ዋሽንግተን ውስጥ የታጠቁ ሰዎች በሦስት ሕንጻዎች ውስጥ ሰው አግተው ካቀረቧቸው ጥያቄዎች አንዱ ይህ ፊልም እንዳይታይ ነበር፤ በዚያ ግርግር የሰው ሕይወት ጠፍቷል። አል-ዐቃድ ራሱም ሐሳቡን ሁሉ የምቀበልለት ሰው አይደለም። ስለ ዑመር አል-ሙኽታር «የበረሃው አንበሳ»ን የሠራው እሱ ነው፤ አሜሪካኖች «ሃሎዊን» የሚሉትን የግድያና የፍርሃት ፊልም በገንዘብ የደገፈውም እሱ ነው። ለዚህ ምን ምክንያት እንደነበረው አላህ ያውቃል። እ.ኤ.አ. በኅዳር 2005 ዐማን ከተማ ሆቴሎች ላይ በተጣለው ፍንዳታ ከሴት ልጁ ጋር ሞተ። ፍንዳታውን የፈጸሙት በእስልምና ስም የሚምሉ ሰዎች ነበሩ። አላህ ይዘንለት።

ወደ ሥራ ቦታዋ ልመለስ። ልጁን «እስቲ የምትለውን ሥራ ለእኔም አስረዳኝ» አልኩት። መጀመሪያ እንደ መፍራት አለ፤ በኋላ ግን ፈተና እንደሚመልስ ተማሪ ይዘረግፈው ጀመር።

ብዙዎቻችን ፊልም ሲባል የምናውቀው ተዋናዩን፣ ቢበዛም ዳይሬክተሩን ነው። ፕሮዲውሰሩ ገንዘቡንና ሰዉን ያገናኛል፤ ቀኑን ይቆርጣል፤ ኪሳራውም የእሱ ነው። ፕሮዳክሽን ዲዛይነር የሚባለው ደግሞ በፊልሙ ውስጥ ዓይን የሚያርፍበትን ሁሉ የሚያስብ ሰው ነው። የፊልሙን ጽሑፍ ይዞ እያንዳንዱን ትዕይንት ይበትነዋል፤ የት ነው፣ ሌሊት ነው ቀን፣ በየትኛው ዘመን ነው፣ ሰውየው ምን ላይ ይቀመጣል፣ በእጁ ምን ይይዛል? ከዚያ መጽሐፍ ያገላብጣል፣ ሽማግሌ ይጠይቃል፣ ያረጀ ፎቶ ይፈልጋል። ይነድፋል፣ በልኬት ፕላን ያወጣል፣ ከካርቶን ትንሽ ሞዴል ይሠራል። ከሁሉ በፊት ደግሞ ያሰላል፤ ስንት ሞራሌ፣ ስንት ኮምፔንሳቶ፣ ስንት ባልዲ ቀለም፣ ስንት አናጺ ለስንት ቀን። ከካሜራ ባለሙያው ጋር ተነጋግሮም ብርሃኑ በየት እንደሚገባና የቱ ግድግዳ ተነቅሎ ካሜራው እንደሚያልፍ ይወስናል።

«ከኋላው ባዶ የሚሆነው ለዚህ ነው፣ አባዬ» አለ ልጁ። «መብራቱና ካሜራው የሚቆሙት እዚያ ነው።»

አባቱ አልመለሱለትም፤ ግን መላጊያቸውንም አላነሱም።

ይህ ስም በፊልም ላይ ታውቆ የተጻፈው እ.ኤ.አ. በ1939 ዊልያም ካሜሮን ሜንዚስ ለሚባል አሜሪካዊ «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» በተሰኘው ፊልም ላይ ነው። ይኸው ሰው ከዚያ በፊት በ1924 «የባግዳድ ሌባ» ለተባለው ፊልም ከተማ ሠርቷል። ያቺ ባግዳድ የዐባሲዮች ባግዳድ አይደለችም፤ ከተረት የተቀዳች፣ ምንጣፍ የሚበርባት፣ የሽንኩርት ቅርጽ ጉልላት የሞላባት ከተማ ናት። እኔ ተማሪዎቼን ስለ ባግዳድ ስጠይቃቸው የሚነግሩኝ ያችኑ ነው። ታሪኳን ከመጽሐፍ ላስጨብጣቸው ዓመት ሙሉ ስደክም አንድ አናጺና አንድ ቀለም ቀቢ ከመቶ ዓመት በፊት ቀድመውኛል።

የኛን ነገር ስናይም እንዲሁ ነው። ካደግሁ በኋላ «አር-ሪሳላ»ን በእንግሊዝኛው አይቼዋለሁ። ነጃሺን የተጫወተው ኧርል ካሜሮን የቤርሙዳ ተወላጅ ነው፤ ግርማ ሞገሱ ያስደስታል። በበትሩ መሬት ላይ መስመር ሲያሰምር ዛሬም ልቤ ይነካል። አዳራሹ ግን አክሱምን ከሚያውቅ እጅ የወጣ አልመሰለኝም። አክሱማውያን ድንጋዩን በእንጨት እያሠሩ እንደሚገነቡ፣ የወራጁ ጫፍ ከግድግዳው ወጣ ብሎ «የዝንጀሮ ራስ» እንደሚባል፣ ይህም በሐውልቶቹ ላይ ተቀርጾ እስከዛሬ እንደሚታይ የኛ የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ያውቀዋል። ለመጀመሪያው ሒጅራ መጠለያ የሆነውን አገር ፊልም ላይ ያቆሙት ሰዎች ይህን የሚነግራቸው ሐበሻ አጠገባቸው የነበረ አይመስልም።

አባቱ በመጨረሻ አፋቸውን ሲከፍቱ ያነሱት የጠበቅሁትን ጥያቄ ነበር። «ሥዕል ሠሪ በቂያማ ቀን ይቀጣል አይደለም እንዴ የሚባለው? አንተ ነህ ያቀራኸው።»

እውነት ነው፣ እኔው ነኝ ያቀራሁት። ነፍስ ያለው ፍጡር ምስል ስለሚሠሩ ሰዎች የመጣው ሐዲስ ከባድ ነው። ስለ ፎቶግራፍና ስለ ተንቀሳቃሽ ምስል የዘመናችን ዑለማዎች ይለያያሉ፤ ገሚሱ በሥዕል ሥር ያስገባዋል፣ ገሚሱ ጥላን እንደመያዝ ነው ይላል። እኔ ሙፍቲ አይደለሁምና በዚያ አልፈርድም። ግን በዚያው ምዕራፍ ኢብኑ ዐባስ (ረ.ዐ.) ዘንድ ስለመጣ ሰው የተዘገበ አለ። ሰውየው እንጀራዬ ከእጄ ሥራ ነው፣ እነዚህን ሥዕሎች እሠራለሁ አላቸው። እሳቸውም የነቢዩን (ሰ.ዐ.ወ.) ቃል ካሰሙት በኋላ ሰውየው ፊቱ ቢለዋወጥ፣ መሥራቱ ግድ ከሆነብህ ዛፍንና ነፍስ የሌለውን ነገር ሥራ ብለው መከሩት። እንጀራውን አልቆረጡበትም፤ መስመር አሳዩት።

«ይህ ልጅ የሚሠራው በርና ግድግዳ ነው፣ ወንድም ጋሼ» አልኳቸው። «በበሩ ማን ይገባል፣ ገብቶስ ምን ያደርጋል የሚለው ነው የሚያስፈራኝ።»

ልጁ ይኼኔ ቦርሳውን ከፍቶ አንድ ጥቅል ወረቀት አወጣ። ለማንም ሳይሆን ለራሱ የጀመረው ሥራ ነበር፤ ካዕባ ከነቢይነት አምስት ዓመት በፊት ቁረይሾች መልሰው ሲሠሯት ምን ትመስል እንደነበር መንደፍ ይፈልጋል። ያገኘው በእንግሊዝኛ የተጻፈ ጥቂት ነገር ነው። «ዋናው መጽሐፍ ዐረብኛ ነው፤ አንብብልኝ ልልህ ነበር» አለኝ። የአል-አዝረቂ «አኽባር መካ» ነው። ሃያ ዓመት የቀራሁት ዐረብኛ በዚህ መንገድ ይፈለጋል ብዬ አስቤ አላውቅም። በዚያው በስልኩ ላይ ከፍተን ሰገራ ላይ ተቀምጬ ማንበብ ጀመርኩ።

ጎርፍ ቤቱን ጎድቶት ነበር። በዚያው ሰሞን የሩም መርከብ ጂዳ አካባቢ ባሕር ዳር ተሰበረችና ቁረይሾች ሳንቃዋን ገዙ። ባቁም የሚባል አናጺም አገኙ። ግድግዳውን አንድ ረድፍ ድንጋይ፣ አንድ ረድፍ እንጨት እያፈራረቁ አቆሙት፤ አሥራ ስድስት ረድፍ ድንጋይ፣ አሥራ አምስት ረድፍ እንጨት፤ ከሥርም ከላይም ድንጋይ ነው። ቁመቱ ዘጠኝ ክንድ የነበረው አሥራ ስምንት ሆነ። ጣሪያ አልነበረውም፣ በስድስት ምሰሶ ጣሪያ አበጁለት። በሩንም ከመሬት ከፍ አደረጉት፤ ጥቁሩን ድንጋይ በቦታው በማስቀመጥ ሊጣሉ ሲሉ ገና የሠላሳ አምስት ዓመት ሰው የነበሩት ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) በጨርቅ አስይዘው ያስታረቋቸውም ያን ጊዜ ነው።

ክሬስዌል የተባለው የእስልምና ሕንጻ ታሪክ ሊቅ እ.ኤ.አ. በ1951 ባሳተመው ጽሑፍ፣ ይህ ድንጋይና እንጨት የማፈራረቅ ስልት የሐበሾች ነው፤ «ባቁም» የሚለውም ስም ዕንባቆም ከሚለው ያጠረ ሳይሆን አይቀርም ሲል ሞግቷል። ዘገባዎቹ አናጺውን የሩም ሰው ወይም ቅብጥ ይሉታልና ይህ የአንድ ሊቅ አስተያየት ነው። ቢሆንም ደብረ ዳሞን ያየ ሰው ነገሩን በቀላሉ አይጥለውም።

አባቱ ከሥራ ጠረጴዛቸው ዞረው መጥተው ነበር። «ማዕዘኑ ላይስ?» አሉ።

«ምን ማዕዘኑ ላይ?» አለ ልጁ።

«እንጨቱ ከእንጨቱ ማዕዘን ላይ ሲገናኝ በምን ተያያዘ? በሚስማር ነው በጉርድ?»

ልጁ ንድፉን አየ። እኔም መጽሐፉን አየሁ። የማዕዘኑን ነገር አላገኘሁም። እሳቸው ከወለሉ ሁለት ቁራጭ እንጨት አነሱ፤ በመጋዝ ግማሽ ግማሹን ጎርደው አንዱን በአንዱ ላይ አሳፈሩና በጡጫቸው መቱት። አልተነቃነቀም። «ድንጋዩ ሲጫነው ደግሞ ጭራሽ አይላቀቅም። ሚስማር ምን ያደርግለታል?» አሉ። ከዚያ የልጁን ንድፍ ተቀብለው ለመጀመሪያ ጊዜ አዩት። እስከ ዐስር አዛን ድረስ ስለ ፊልም አንድም ቃል አልተነሳም፤ የተወራው ስለ ዝግባና ስለ ጥድ ነው፤ የትኛው ዝናብ ይችላል፣ የትኛው ይጣመማል።

ነገሩ እዚህ ላይ አለቀ ብላችሁ እንዳታስቡ። ከኢፍጣር በኋላ እህቴ ቤት ተሰብስበን ሳለ አባቱ ድንገት «ያ ክረምት የሠራኸው ቤት ውስጥ ምን ነበር?» ብለው ጠየቁት።

«ሳሎን ነበር።»

«ሌላስ?»

ልጁ እናቱን አየ። «ቡና ቤትም ነበረው።»

«ጠርሙሱን መደርደሪያው ላይ ማን ደረደረው?»

«እኔ ነኝ፣ አባዬ። ውስጡ ውሃና ሻይ ነበር።»

ማንም አልተናገረም። እህቴ ሰሐኑን አንስታ ወጣች። እኔ በበኩሌ ውስጡ ሻይ መሆኑ አላጽናናኝም። ያንን ትዕይንት የሚያይ የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ የሚያየው አረቄ ነው፤ የዲዛይነሩ ጥበብም እሱን ማሳመን ነው። ወጣቶች ሆይ፣ በዚህ ሙያ ውስጥ ከባዱ ጥያቄ ይህ ይመስለኛል። ካሜራ ፊት አትቆሙም፣ ስማችሁም ከመጨረሻ በትንንሽ ፊደል ያልፋል። ነገር ግን ያስጌጣችሁት ነገር ሁሉ ለሰው ዓይን ያማረው በእናንተ እጅ ነው።

ከሰዓት ካነበብነው ውስጥ አንድ ነገር አስታወስኩና ነገርኳቸው። ቁረይሾች ጣዖት አምላኪዎች ሳሉ እንኳ ካዕባን ሲሠሩ የወለድ ገንዘብ፣ የዝሙት ዋጋና በግፍ የተወሰደ ነገር እንዳይገባበት ተስማምተው ነበር። ከዓኢሻ (ረ.ዐ.) በተላለፈው ሐዲስ እንደምናውቀው ገንዘቡ አጠራቸውና ከቤቱ አንዱን ወገን ከግድግዳው ውጪ ተዉት። ሒጅር ኢስማዒል የምንለው ያ ነው። ንጹሕ ገንዘብ ስላጠረ ሕንጻው አጠረ።

አባቱ ዝም ብለው ቆዩና «እንግዲያውስ አንተም አሳጥረው» አሉት ልጁን። «ሦስት ሥራ ቢመጣ አንዱን ሥራ። የፊልሙን ጽሑፍ ሳታነብ እሺ አትበል። ትምህርቱን ግን ትጨርሳለህ።»

ልጁም የራሱን ተናገረ። እዚህ አገር ይህን ሥራ ለብቻው የሚይዝ ሰው ያለው ፊልም ጥቂት ነው፤ ብዙ ጊዜ የሰው ቤት ተከራይተው፣ ሶፋውን ከዘመድ አምጥተው ነው የሚቀርጹት። ስለዚህ ከሦስት አንዱን እመርጣለሁ ማለት በዓመት ምንም ሳይሠሩ መቅረትም ሊሆን ይችላል። እኔም ሞሮኮን አነሳሁለት። ዋርዛዛት በምትባል የበረሃ ከተማ እ.ኤ.አ. በ1983 ትልቅ ስቱዲዮ ተከፍቶ የከተማው አናጺ፣ ጀሶ ለሳኝና ልብስ ሰፊ በዚያ ያድራል፤ እ.ኤ.አ. በ2005 የወጣው «ኪንግደም ኦፍ ሄቨን» የተባለ ፊልም የሰላሐዲንን ዘመን ቁድስ ያቆመው እዚያ ነው። «ሞሮኮ ሩቅ ነው፣ ጋሼ» አለኝ። ልክ ነው። ደግሞስ እነዚያ አናጺዎች የሚሠሩትን ፊልም የመምረጥ ዕድል አላቸው ወይ ብሎ ጠየቀኝ፤ መልስ አልነበረኝም።

አንድ ነገር ግን አጥብቄ ነገርኩት። ትግራይ ውስጥ ያለው የነጃሺ መስጂድ በ2013 ዓ.ም. በጦርነቱ ሲመታ፣ ሚናራውና ጉልላቱ ሲጎዳ፣ ብዙዎቻችን የነበረንን ያወቅነው በጎደለ ጊዜ ነው። የወሎ የድሮ መስጂዶችና ዛዊያዎችም በየዓመቱ በቆርቆሮና በብሎኬት ይለወጣሉ። «ከሚሴ በኩል የሾንኬን የድንጋይ ቤቶች ሂድና ለካ» አልኩት። «ፊልሙ ቢቀር እንኳ ልኬቱ አይቀርም።» በክረምቱ ሄደ። ሜትሩን የያዙለት አባቱ ነበሩ። ጣሪያው ላይ ያለውን እንጨት ሁሉ በስሙ ሲነግሩት ልጁ ሲጽፍ፣ ሁለት ቀን እዚያው አደሩ።

አሁን የመጨረሻ ዓመቱን እየተማረ ነው። አንድ ሥራ መጥቶለት ጽሑፉን አንብቦ መልሶታል፤ በዚያ ምክንያት ለረጅም ጊዜ የደወለለት የለም። አንዴ ብቻ በውሃ ጉድጓድ ቁፋሮ ላይ ለተሠራ አጭር ፊልም የገጠር ቤት አዘጋጀ። እህቴ እስካሁን ሙሉ በሙሉ አልተዋጠላትም፤ ጎረቤት ሲጠይቃት «ኢንጂነር ነው» ነው የምትለው። እኔም ያን ደብተር ለባለቤቱ ለመመለስ አድራሻውን እያፈላለግሁ ነው። ኮምቦልቻ ፋብሪካ ውስጥ ይሠራል ብለውኛል።

አባቱ ሥራ ቦታ መደርደሪያ ላይ ደግሞ ክንድ የማትሞላ ግድግዳ ቆማለች፤ አንድ ረድፍ ድንጋይ፣ አንድ ረድፍ እንጨት፣ በአራቱም ማዕዘን በጉርድ የተያያዘች፣ አንዲት ሚስማር የሌለባት። ከኋላዋም ባዶ አይደለችም። ደንበኞች አልጋ ሊያዝዙ መጥተው ዋጋዋን ይጠይቃሉ። እሳቸው «የምትሸጥ አይደለችም፤ ማዕዘኗ ገና አላለቀም» ይላሉ።